በስንት ጣት ያዘው?

ጥያቄ፦ የሁለተኛ ዲግሪ ትምህርታችንን በኢንኦርጋኒክ ኬሚስትሪ የጀመርን ሁለት ጓደኛሞች ነን። ከኦርጋኖሜታሊክ ውህዶች (ካርቦን ከሜታል ጋር ከተሳሰረባቸው ውህዶች) ስም ውስጥ «ኤታ» የምትባለው የግሪክ ፊደል ትከሻዋ ላይ 5 ወይም 3 ወይም 2 ተሸክማ እናገኛለን። መምህራችን «ሃፕቲሲቲ ነው» ብለው አለፉት። አንዳችን ቁጥሩ የትስስሮቹ ብዛት ነው እንላለን፤ ሌላችን ሊጋንዱ (ሜታሉን የሚይዘው ሞለኪውል ወይም የአቶሞች ቡድን) ለሜታሉ የሚሰጠው ኤሌክትሮን ብዛት ነው እንላለን። ማን ልክ ነው?

መልስ፦ ማናችሁም ልክ አይደላችሁም። ግን አትዘኑ፤ ሁለቱንም ስህተት እኔ ራሴ በየተራ ሠርቻቸዋለሁ፤ አንዱንማ በብዕር።

ኤታ የምትቆጥረው አቶም ነው። አንድ ሊጋንድ ሜታሉን ሲይዝ፣ እርስ በርሳቸው ተያይዘው ጎን ለጎን ከተሰለፉት አቶሞቹ መካከል ስንቱ በመያዙ ይካፈላሉ? መልሱ ሃፕቲሲቲ ነው። የቃሉ ሥር «ሃፕቴይን» የሚል የግሪክ ግስ ሲሆን ትርጉሙ ማያያዝ፣ መንካት ማለት ነው። ቃሉን ለኬሚስቶች ያበጀው አሜሪካዊው ፍራንክ አልበርት ኮተን ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1968 ባቀረበው የስያሜ ሐሳብ «ትራይሃፕቶ»፣ «ፔንታሃፕቶ» እያሉ መጥራትን አስተማረ። በጽሑፍ መጀመሪያ የተጠቀመው የላቲኑን «ኤች» ነበር፤ ኤታ ቦታውን የወሰደችው በኋላ ነው። ስለዚህ የ1970ዎቹን የቆዩ ጽሑፎች ስትገልጡ ከቀለበቱ ስም ፊት «ኤች» 5 ተሸክማ ብታገኟት የአታሚ ስህተት ነው ብላችሁ አታርሟት።

ቃሉ ለምን አስፈለገ የሚለውን ለመረዳት ወደ ፌሮሲን መመለስ ይሻላል። በ1951 ኪሊ እና ፖሰን የተባሉ ሁለት ኬሚስቶች በፒትስበርግ ዱኬን ዩኒቨርሲቲ ሁለት የሳይክሎፔንታዳይናይል (ባለ አምስት ካርቦን) ቀለበቶችን እርስ በርስ ሊያጣምሩ ሲሞክሩ፣ ያልፈለጉት፣ ኋላ ፌሮሲን የተባለው ብርቱካናማ ዱቄት እጃቸው ገባ። በውስጡ አንድ ብረትና ሁለት ቀለበቶች እንዳሉ አወቁ። ሥዕሉን ሲሥሉት ግን ብረቱን መካከል አስቀምጠው እያንዳንዱን ቀለበት በአንድ ካርቦን ብቻ አሰሩት። በዘመኑ የታወቀው መተሳሰሪያ እሱ ስለነበር አይፈረድባቸውም። ነገር ግን ዱቄቱ ለዚያ ሥዕል የሚመጥን ጠባይ አልነበረውም። እስከ 173 ዲግሪ ሴልሺየስ አይቀልጥም፤ አየር አያበላሸውም፤ በሚፈላ ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ውስጥ እንኳ አይበገርም። በአንድ ካርቦን የተንጠለጠለ ቀለበት እንዲህ አይጸናም። በ1952 ዊልኪንሰንና ዉድዋርድ በሃርቫርድ፣ ፊሸር ደግሞ በሙኒክ፣ ብረቱ በሁለት ቀለበቶች መካከል እንደ ሳንድዊች መቀመጡን፣ አሥሩም ካርቦኖች ከብረቱ እኩል መራቃቸውን አሳዩ። ፊሸርና ዊልኪንሰን በ1973 የኖቤል ሽልማት ተጋሩ።

እንግዲህ ልብ በሉ፦ በሁለቱ ሥዕሎች መካከል ያለው ልዩነት በዛሬ ቋንቋ አንድ ቁጥር ብቻ ነው። የፊተኛው ኤታ-1፣ የኋለኛው ኤታ-5። ያኔ ግን ይህን የሚሉበት ቃል ስላልነበራቸው ነገሩን በሥዕልና በረጅም ዐረፍተ ነገር ይገልጹት ነበር።

ፌሮሲንን ለመጀመሪያ ጊዜ የሠራሁት በእናንተ ዕድሜ ሳለሁ ነው። ከሁሉም የማይረሳኝ ሽታው ነው። ዳይሳይክሎፔንታዳይን የሚባለውን ፈሳሽ አሙቃችሁ ለሁለት ትሰነጥቁታላችሁ፤ በ41 ዲግሪ የሚፈላው ሳይክሎፔንታዳይን ተንኖ ይወጣል፤ በበረዶ ውስጥ ካላቆያችሁት ደግሞ ሁለት ሁለት እየሆነ ተመልሶ ይጣመራል። ሽታው ከሹራቤ ለመልቀቅ ሳምንት ፈጀ፤ አብረውኝ የሚማሩትም ለሳምንት ያህል ወንበራቸውን ከእኔ አራቁ። ዋጋውን ያየሁት በመጨረሻ፣ ጥሬውን ፌሮሲን በቀስታ ሳሞቀው ነው፦ ሳይቀልጥ ተነነና ከላይ ባለው ቀዝቃዛ ብርጭቆ ላይ እንደ መርፌ የሰሉ ብርቱካናማ ክሪስታሎች አበቀለ።

በደስታ ደብተሬን ገለጥኩና ከእያንዳንዱ ቀለበት ወደ ብረቱ አምስት አምስት መስመር ሣልኩ። አማካሪዬ መጣችና ቆጠረች። «ይህ ብረት አሥር እጅ አለው?» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም። በብዕር የሣልኩትን መፋቅ ስላልተቻለ አጠገቡ በእርሳስ አዲስ ቀለበት ሣለችና ከመሃሉ ወደ ብረቱ አንድ መስመር ብቻ አወረደች። «አምስቱ ተባብረው ያዙት እንጂ አምስት ቦታ አላሰሩትም» ስትል እስከ ዛሬ ይሰማኛል። የቀለበቱ የኤሌክትሮን ደመና በአምስቱም ካርቦኖች ላይ ተዘርግቷል፤ ብረቱን የሚይዘው ያ ደመና በሙሉ ነው። ስለዚህ «የትስስር ብዛት ነው» ያላችሁት ወገን ከእኔ አሥር እጅ ካለው ብረት ጋር አንድ መዝገብ ላይ ናችሁ።

«የኤሌክትሮን ብዛት ነው» ያላችሁት ደግሞ የተታለላችሁት በግጥምጥሞሽ ነው። ቤንዚን (የመኪናው ነዳጅ ሳይሆን ባለ ስድስት ካርቦኑ ቀለበት) ክሮሚየምን በስድስት ካርቦን ይይዛል፣ ስድስት ኤሌክትሮንም ይሰጣል። ኤቲሊን በሁለት ካርቦን ይይዛል፣ የሚሰጠውም ሁለት ነው። እዚህ ላይ ካቆማችሁ ሕግ ይመስላል። ካርቦን ሞኖክሳይድን ግን ተመልከቱ፦ በአንድ ካርቦን ብቻ ይዞ ሁለት ኤሌክትሮን ይሰጣል። የሳይክሎፔንታዳይናይል ቀለበትም ቢሆን እንደ አቆጣጠራችሁ፣ ማለትም ገለልተኛ ወይስ ቻርጅ ያለው ነው ብላችሁ እንደጀመራችሁ፣ አምስት ወይም ስድስት ይሰጣል፤ ኤታዋ ግን በሁለቱም አቆጣጠር ከ5 አትነቃነቅም። የኤሌክትሮኑ ቁጥር የእኛ የሒሳብ ስምምነት ነው፤ የያዙት አቶሞች ግን በክሪስታሉ ውስጥ በርቀት ተለክተው የሚታዩ ናቸው።

ከሁሉ ይልቅ እንድታውቁልኝ የምፈልገው ይህን ነው፦ ቁጥሩ የሊጋንዱ ቋሚ ንብረት አይደለም። ብዙ ተማሪ ኤታ-5ን ከሳይክሎፔንታዳይናይል ጋር እንደ አባት ስም አጣብቆ ይጽፋታል። በ1956 ፓይፐርና ዊልኪንሰን አንድ ብረት፣ ሁለት ካርቦን ሞኖክሳይድና ሁለት የሳይክሎፔንታዳይናይል ቀለበቶች ያሉት ውህድ ሠርተው ነበር። እስቲ ኤሌክትሮኖቹን በገለልተኛው አቆጣጠር ቁጠሩ። ከብረቱ 8፣ ከሁለቱ ካርቦን ሞኖክሳይድ 4፣ ሁለቱም ቀለበቶች በአምስት ቢይዙ 10፤ ድምሩ 22 ይመጣል፤ ለእንዲህ ያለ ውህድ ከሚጠበቀው 18 (ሜታሉ ከሚረጋጋበት የኤሌክትሮን ቁጥር) በአራት ያልፋል። አንደኛው ቀለበት በአምስት፣ ሌላው በአንድ ካርቦን ብቻ ሲይዝ ግን ቀለበቶቹ 5 እና 1 ስለሚሰጡ ሒሳቡ ልክ 18 ላይ ይቆማል። አንድ ዓይነት ሊጋንድ፣ በአንድ ሞለኪውል ውስጥ፣ ሁለት የተለያየ ኤታ!

የዚህ ውህድ ጉድ ገና አላለቀም። በኤንኤምአር መሣሪያ (የሃይድሮጅኖችን ቦታ በመግነጢስ በሚለየው) በተራ ሙቀት ሲታይ ሁለት ምልክት ብቻ ይሰጣል፤ ለእያንዳንዱ ቀለበት አንድ። በአንድ ካርቦን የተንጠለጠለው ቀለበት እኮ ሃይድሮጅኖቹ በሦስት ዓይነት ቦታ ስለሚገኙ ምልክቱ መበታተን ነበረበት። በ1966 እነ ኮተን ውህዱን ሲያቀዘቅዙት የአንደኛው ቀለበት ምልክት እንዳለ ቀረ፤ የሌላው ግን ሰፋ፣ ደበዘዘ፣ በመጨረሻም ተለያየ። ለካ ብረቱ በዚያ ቀለበት ላይ ከአንዱ ካርቦን ወደ ጎረቤቱ እየዘለለ ይዞራል፤ በተራ ሙቀት ፍጥነቱ መሣሪያውን ስለሚያልፈው አምስቱም አንድ ይመስላሉ። በሁለት ዓመቱ «ሃፕቶ» የሚለውን ቃል ያመጣው ይኸው ኮተን መሆኑ አይደንቀኝም። እንዲህ ያለውን ጠባይ ሲያይ የከረመ ሰው «ይዟል» ከማለት አልፎ «በስንት ይዟል» የሚልበት ቃል ቢያሻው እውነቱን ነው።

ቁጥሩ በኬሚካላዊ ምላሽ መካከልም ይለወጣል። ኢንደኒል የሚባለው ሊጋንድ ባለ አምስቱ ቀለበት ከቤንዚን ቀለበት ጋር የተጋባ ነው። አዲስ ሊጋንድ ሲመጣበት ከ5 ወደ 3 ለቀቅ አድርጎ ለእንግዳው ቦታ ይሰጣል፤ ለቀቅ ባለ ጊዜ ጎኑ ያለው የቤንዚን ቀለበት የተረጋጋ ጠባዩን መልሶ ስለሚያገኝ መልቀቁ አይከብደውም። ባሶሎና ባልደረቦቹ በ1983 በሮዲየም ውህዶች ላይ ሲለኩት፣ ኢንደኒል ያለው ውህድ ሳይክሎፔንታዳይናይል ካለው ይልቅ መቶ ሚሊዮን ጊዜ ያህል ፈጥኖ ካርቦን ሞኖክሳይዱን ለወጠ። ይህን ሁሉ ልዩነት ያመጣው ሁለት ጣት ማላላት መቻል ነው።

ጥያቄ፦ ለአንድ ጆርናል በላክሁት ጽሑፍ፣ አሴቴት ሜታሉን በሁለቱ ኦክስጅኖቹ ስለያዘ «ኤታ-2» ብዬ ነበር። ገምጋሚው ያለ ምንም ማብራሪያ «ካፓ-2» አድርጎ መለሰው። ልዩነቱ የጣዕም ጉዳይ ነው?

መልስ፦ አይደለም፤ ገምጋሚው ልክ ነው፤ ማብራሪያ መንፈጉ ግን ደግ አላደረገም።

በሁለቱ ኦክስጅኖች መካከል ሜታሉን ያልያዘ ካርቦን ቆሟል። ያዦቹ ጎረቤታሞች አይደሉም። ኤታ የምትጻፈው አቶሞቹ በተርታ፣ መካከላቸው ባዶ ሳይኖር ሲይዙ ብቻ ነው። ተለያይተው እንደ ጥርስ ከነከሱ ካፓ ትጻፋለች፤ ብዛታቸውም ዴንቲሲቲ ይባላል፤ ቃሉ ከላቲኑ «ጥርስ» የመጣ ነው። ኢዲቲኤ የሚባለው ሊጋንድ በስድስት አቶም ቢይዝም ስድስት ጥርስ እንጂ ስድስት ጣት አይባልም። ለማነጻጸር ካርቦን ዳይኦክሳይድን ውሰዱ፦ በ1975 አሬስታና ባልደረቦቹ በሠሩት የኒኬል ውህድ ውስጥ ካርቦኑና አንዱ ኦክስጅን ጎን ለጎን ሆነው ኒኬሉን ይዘውታል። ይህ ያለ ክርክር ኤታ-2 ነው።

አንድ ነገር ልጨምር። ዓለም አቀፉ የንጹሕና ተግባራዊ ኬሚስትሪ ኅብረት በ2005 ባወጣው የስያሜ መመሪያ ኤታ-1 አይጻፍም፤ አንድ አቶም ብቻውን «ተርታ» አይሆንምና በካፓ ይገለጻል። ኬሚስቶች ግን ዛሬም ኤታ-1 እያሉ ይጽፋሉ፤ እኔም ከላይ ጽፌዋለሁ። ከኤታ-5 ጋር ጎን ለጎን ሲነጻጸር ለዓይን ስለሚቀል ልማዱን መተው አልሆነልኝም። እርስዎ ግን ለዚያ ገምጋሚ ሲመልሱ እንደ እኔ አያድርጉ።

ጥያቄ፦ የኬሚስትሪ መማሪያ እተረጉማለሁ። ሃፕቲሲቲን «ንክኪ» ብዬዋለሁ። «ሳይክሎፔንታዳይናይል ከብረቱ ጋር አምስት ንክኪ አለው» ይላል ዐረፍተ ነገሬ። ምን ይላሉ?

መልስ፦ ንክኪ ለዚህ ይቀልላል። የነካ ሁሉ አልያዘም። «አምስት ንክኪ» ሲሉ ደግሞ አንባቢው አምስት የተለያዩ ትስስሮች ይሥላል፤ የእኔ አሥር እጅ ያለው ብረት ተመልሶ መጣ ማለት ነው። «ጭብጥ» ጥሩ ነበር፤ ግን የድርሰት ሰዎች ቀድመው ወስደውታል። «ጨበጣ»ን አደራ እንዳይሞክሯት፤ ወይ ጦር ሜዳ ወይ ሐኪም ቤት ታደርሳለች።

እኔ ብሆን ሃፕቲሲቲን እንዳለ ትቼ፣ መጀመሪያ በተነሣበት ቦታ «የያዥ አቶሞች ቁጥር» ብዬ እፈታዋለሁ። በተረፈ «ብረት»ን ለአይረን ብቻ ይተዉትና ለጠቅላላው ሜታል ይበሉ፤ በአማርኛ ሁለቱ ስለሚደባለቁ ስለ ሮዲየም በሚናገረው ገጽ ላይ አንባቢዎ ብረት የት እንደገባ ሲፈልግ ይውላል። ዐረፍተ ነገርዎን እንዲህ አድርጌዋለሁ፦ «በፌሮሲን ውስጥ እያንዳንዱ የሳይክሎፔንታዳይናይል ቀለበት ብረቱን በአምስቱም ካርቦኖቹ ባንድነት ይይዘዋል፤ ስለዚህ ሃፕቲሲቲው 5 ነው።»