ይሄ ነጠብጣብ እንጀራ ይሆናል?

ከደሴ የጻፍክልኝ ወንድሜ፣ ቀን የሰርግ ቪዲዮ ኤዲት ታደርጋለህ። ማታ ኮምፒውተርህ ላይ ክብና መስመር በአምባሰል ዜማ ታንቀሳቅሳለህ። አባትህ አይተው «ይሄ ነጠብጣብ እንጀራ ይሆናል?» አሉህ። አንተም ጥያቄውን ለእኔ አስተላለፍከው።

አብሽር፣ ይሆናል። ግን ዞሮ ነው የሚመጣው። ጀርመናዊው የፊልም ሠሪ ኦስካር ፊሺንገር እንኳ በ1930ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ቅርጾችን በሙዚቃ ሲያስጨፍር የሲጋራ ማስታወቂያም ይሠራ ነበር። ሌን ላይ (Len Lye) የተባለው ሌላው የፊልም ሠሪ በ1935 እ.ኤ.አ. በፊልሙ ጥቅል ላይ በቀጥታ ቀለም እየቀባ የሠራው ድንቅ ሥራም ለእንግሊዝ ፖስታ ቤት ማስታወቂያ ነበር። እንግዲህ ሰርጉን አትናቀው።

የላክልኝን ቪዲዮ ሦስቴ አየሁት። ጅምሩ ግሩም ነው። ወደ ደቂቃው መጨረሻ ግን ሥዕሉ ከከበሮው ወደ ኋላ ይቀራል። ሙዚቃህ በደቂቃ 80 ምት ነው፤ ፕሮጀክትህ ደግሞ በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ማለት 25 ነጠላ ሥዕል። አንዱ ምት 18.75 ፍሬም ይወጣል። አንተ በየ19ኙ ስላስቀመጥከው በደቂቃ 20 ፍሬም ትዘገያለህ። 24 ላይ አድርገው። ምቱ ልክ 18 ይመጣል፤ የችክችካው ሦስት ክፍል ደግሞ ስድስት ስድስት ይደርሰዋል። ሌላ ምትሃት የለውም።

ከዚህ የሚብሰው ሌላ ነው። ቅርጾችህ በሙሉ በየምቱ ይዘላሉ። ሁሉም ከበሮ መቺ ሆነዋል! መንዙማ ሲባል ሰምተሃል፤ አንዱ ያወጣል፣ ሌላው ይቀበላል። አንዱ ክብ አውጪ ይሁን፤ መስመሮቹ ዘግየት ብለው ይቀበሉት። ማሲንቆው ድምፁን ሲያረዝም ደግሞ ሥዕሉን ተወው፣ ይረፍ። ዓይን ሲጠብቅ ነው ጆሮ የሚከፈተው።

ሥራውን በተመለከተ፦ ከሰርግ ቤቱ አትልቀቅ። የሙሽሮቹ ስም የሚወጣበትን የመክፈቻ አሥር ሰከንድ «እኔ ልሥራው» በል። ከዚያ ለአንድ የኮምቦልቻ ካፌ አጭር ማስታወቂያ ሥራ፤ የራስህን አንድ ጨምር። በእነዚህ ሦስቱ አዲስ አበባ ያሉ የማስታወቂያ ድርጅቶችን በር ማንኳኳት ትችላለህ። ብሌንደር (Blender) የሚባለው የአኒሜሽን ሶፍትዌር በነፃ ይወርዳል፣ ሌላ አትግዛ። የሰው ዘፈን ግን ሳታስፈቅድ አትጠቀም። ደሴ ላይ ማሲንቆ ተጫዋች አታጣም፤ ከፍለህ ቅረጽ።

ለአባትህ መጀመሪያ የሰርጉን መክፈቻ አሳያቸው። ስንት እንደተከፈለህም ንገራቸው።