«ግጥምሽ የጸጋዬን ይመስላል» ለተባለች ተማሪ፦ ከቀደሙት ምን ልውሰድ?

ውድ እኅታችን፣

ደብዳቤሽን ከላክሻቸው አምስት ግጥሞች ጋር አንብበናል። የአማርኛ ቋንቋና ሥነ ጽሑፍ የ3ኛ ዓመት ተማሪ ነሽ፤ ከተመረቅሽ በኋላ በዘፈን ግጥምና በአርትዖት መተዳደር ትፈልጊያለሽ። መድረክ ላይ ባነበብሽ ቁጥር ግን «ይቺማ የጸጋዬ ናት» ይሉሻል፣ የባለቅኔው የጸጋዬ ገብረ መድኅን ማለታቸው ነው። አንድ ጓደኛሽ ደግሞ የራስሽ ድምፅ እንዲወጣ የሌላ ሰው ግጥም ማንበብ አቁሚ ብሎሻል። የጠየቅሽን ሁለት ነገር ነው፦ ከቀደሙት ገጣሚዎች መውሰድ እስከ ምን ድረስ ነው? ይህስ እንጀራ ይሆናል ወይ?

የጓደኛሽን ምክር ተዪው። ያጠበበሽ ማንበብሽ አይደለም፤ አንድ ሰው ብቻ ደጋግመሽ ማንበብሽ ነው። ማንበብ ያቆመ ገጣሚ ዝም ብሎ የሚመጣለት የራሱ ድምፅ ሳይሆን ሬዲዮና ፌስቡክ ላይ ሲሰማ የኖረው ነው፤ ያ ደግሞ የሁሉም ሰው ስለሆነ ከጸጋዬ የባሰ መመሳሰል ያመጣል።

መጀመሪያ መመሳሰሉ የት እንዳለ እንይ። ግጥሞችሽን ቀለም በቀለም፣ ማለትም በአንድ ጊዜ የሚባለውን ድምፅ እንደ አንድ እየቆጠርን፣ ቆጥረናል። አራቱ ወል ቤት ናቸው፣ ሐረጋቸው (የስንኙ ግማሽ) 6፣ ስንኛቸው 12 ቀለም። አምስተኛው ሰንጎ መገን ነው፣ 5 እና 5። በስሙ «የጸጋዬ ቤት» የሚባለው ደግሞ ሐረጉ 8፣ ስንኙ 16 ቀለም ነው፤ ከአምስቱ አንዱም ላይ የለም። ስለዚህ ከጸጋዬ የወሰድሽው ምቱን አይደለም። የወሰድሽው ጥንታዊ ቃሉንና የቃል አጋኖ ምልክቱን ነው፤ ስንኝሽንም በ«ወይ» መክፈት ታበዣለሽ። ይህ ላዩ ነው፤ ሰው ቶሎ የሚያውቀውም እሱኑ ነው።

የጸጋዬ ድምፅ ከየት እንደመጣ ብትጠይቂ ይሻልሽ ነበር። ሰውየው ጸሐፌ ተውኔት ነው፤ የሼክስፒርን «ኦቴሎ»፣ «ሐምሌት» እና «ማክቤዝ» ወደ አማርኛ መልሷል። የግጥሞቹ ብዙ ክፍል መድረክ ላይ የቆመ ሰው ለሌላ ሰው የሚናገረው ንግግር ነው። ረጅሙ ስንኝም ተዋናይ ትንፋሹን ሳይቆርጥ አንድ ሐሳብ ዳር እንዲያደርስ ይመቻል። አንቺ ቃሉን ስትወስጂ ተናጋሪውን ትተሽዋል። «ማን ለማን ነው የሚናገረው?» ብለን ግጥሞችሽን ስንጠይቅ ሦስቱ መልስ አልሰጡንም።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራሽ የምትወጂው ገጣሚ ያነበበውን ማንበብ ነው፤ በእኛ አገር ደግሞ መንገዱ ብዙ ጊዜ ወደ ቅኔ ቤት ይወስዳል። ዮፍታሔ ንጉሤ ቴአትር ከመጻፉ በፊት የደብረ ኤልያስ የቅኔ ተማሪ ነበር። መንግሥቱ ለማ የአለቃ ለማ ኃይሉ ልጅ ነው፤ ለንደን ተምሮ ከተመለሰ በኋላ የአባቱን ትዝታ ከአንደበታቸው ቀድቶ መጽሐፍ አድርጎታል። «ባሻ አሸብር በአሜሪካ» በሚለው ግጥሙ ላይ የምትሰሚው የጨዋታ አማርኛ ከዚያ ዓይነት ጆሮ የወጣ ነው። የገጣሚውና የሠዓሊው የገብረ ክርስቶስ ደስታ አባት አለቃ ደስታ ነገዎ የቤተ ክህነት ሰውና የቁም ጸሐፊ ነበሩ፤ ልጁ ኮሎኝ ሄዶ ሥዕል ተምሮ በመጣ ጊዜ ሁለቱንም ዓለም ይዞ ነው። ገጣሚው ሰሎሞን ዴሬሳ በ«ልጅነት» መድበሉ የተለመደውን ቤት ሲያፈርስ ያስነሣው ክርክር እንኳ የሚገባሽ የፈረሰውን ቤት ስታውቂ ነው።

ቅኔ ቤት ስለ መውሰድ የሚያስተምረውን በሌላ ቦታ በቀላሉ አታገኚውም። ቅርጹ ድርድር የለውም፤ የቅኔው ዓይነቶች የቤት (የስንኝ) ቁጥራቸው የታወቀ ነው፦ ጉባኤ ቃና 2 ቤት፣ ሚበዝኁ 3፣ ዋዜማ 5፣ ሥላሴ 6፣ መወድስ 8። ዜማው የታወቀ ነው፣ የሰምና ወርቁ አካሄድ የታወቀ ነው፣ ከመጽሐፍ የሚጠቀሰው ታሪክም ሁሉም ሰው የሚያውቀው ነው። ይህ ሁሉ ውርስ ሆኖ ሳለ ትናንት የተባለውን ቅኔ ዛሬ የራስ አድርጎ ማቅረብ ነውር ነው፤ ለየበዓሉ አዲስ ይቆጠራል፣ ማለትም ይደረሳል። መምህሩ መጀመሪያ የራሱን ቅኔ ይዘርፍና (በቃሉ ያፈልቅና) ሙያውን ይፈታል፤ ተማሪው ለብቻው ወጥቶ ይቆጥራል፤ ከዚያ በነገራ፣ ቅኔ በሚሰማበት ጊዜ፣ ለመምህሩ ያሰማል፣ ይታረማል፣ ሳይዛባ ወደ ሚቀጥለው ቤት ይሸጋገራል። ቅርጽን ከነሕጉ መውረስ፣ ቃልን ግን አለመድገም፦ እኛ ለጥያቄሽ የምንሰጠው መልስ ይኸው ነው።

ግእዝ ሳትችዪ ቅኔ ልቁጠር አትበዪ፤ ግሥ ሳይገሠሥ፣ ማለትም የግእዝ ግሥና እርባታው ሳይጠና፣ አይሆንም። የምታውቂው መምህር ካለ ቢያንስ ጉባኤ ቃና እስክትፈቺ ድረስ ተማሪ። ሴት ነኝና አይመለከተኝም ካልሽ፣ ዓይነ ሥውሯ እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ ጎጃም ውስጥ ወንበር ዘርግተው ስንቱን ባለቅኔ እንዳወጡ ጠይቂ።

በአማርኛ ግን ከዛሬ ጀምሮ መለማመድ ትችያለሽ። ይህን ሁለት ስንኝ ለምሳሌ ያህል ሠራነው፦

ያያቱን ዘር ይዞ ማሳውን ያረሰ፣
ዝናቡ ሲመጣ በጊዜ ደረሰ።

ወል ቤት ነው። የመጀመሪያውን ሐረግ በፊደል ብትቆጥሪው 8 ነው፤ በድምፅ ግን ያ‑ያ‑ቱን‑ዘር‑ይ‑ዞ፣ 6 ቀለም። ቆጠራ ላይ የሚሳሳቱት በዓይናቸው ስለሚቆጥሩ ነው፤ ድምፅ አልባ ሳድስ (እዚህ «ን» እና «ር») ከፊቱ ካለው ጋር ይዋጣል። «ያያቱን ምርጥ ዘር ይዞ» ብትዪ 7 ይሆንና ሲነበብ ይደናቀፋል። ሰሙ ገበሬው ነው፤ ወርቁ «ደረሰ» ላይ ነው፣ ድርሰትም ይደረሳልና። አሁን ያንኑ ሐሳብ በሰንጎ መገን፦

ያያት ዘር ይዞ ማሳ ያረሰ፣
ዝናብ ሲመጣ ቀድሞ ደረሰ።

ከየሐረጉ አንድ ቀለም ስትቀንሺ የታወቀ ነገርን የሚያመለክቱት ፊደሎች ወደቁ፤ «ማሳውን» «ማሳ» ሆነ፣ አንድ የታወቀ ገበሬ የነበረው ማንኛውም ገበሬ ሆነ፣ አነጋገሩም ወደ ተረት አደላ። ቅርጽ ስትወርሺ ትርጉምም አብሮ እንደሚመጣ በዚህ ታያለሽ። ልምምድሽ እንዲህ ይሁን፦ ከራስሽ ግጥም 4 ስንኝ ምረጪ፤ በወል ቤት፣ በሰንጎ መገንና በ8‑8 ጻፊያቸው፤ ከዚያ በየቅርጹ ምን ቃል እንደወደቀና ምን ቃል እንደተጨመረ በሥሩ አስፍሪ። 8‑8 ላይ የምትጨምሪው ቃል ሁሉ ቅጽል ከሆነ ሐሳቡ ለዚያ ርዝመት አልበቃም ማለት ነው፤ ወደ 6‑6 መልሺው።

ሁለተኛው ልምምድ የምላሽ ግጥም ነው። የአንድ ቀደምት ገጣሚ ግጥም ወስደሽ ዝም ያለውን ሰው አናግሪ፦ ተወቃሹን፣ የተሸኘውን፣ እናቲቱን። ከዋናው ግጥም አንድ ምስል ብቻ ትወስጃለሽ፣ እሱም በሌላ አቅጣጫ መታየት አለበት። ዋናውን ያላነበበ ሰው ያንቺን ብቻውን ከተረዳ ይሠራል። ካልተረዳው ግርጌ ማስታወሻ እየጻፍሽ ነው፣ ጣዪው።

በዚህ መንገድ የሚሄዱ ወጣቶች ደጋግመው የሚወድቁባቸውን ጥቂቶቹን እንንገርሽ። አንደኛው ግእዝን ለጌጥ መርጨት ነው። ሦስተኛው ግጥምሽ ላይ «መጻሕፍቶች» እና «ቅዱሳኖች» ብለሻል፤ መጻሕፍትም ቅዱሳንም ብዙ ቁጥር ናቸው፣ ሁለተኛ አይበዙም። ይህን ያየ አርታዒ ቀሪውን ግጥም በጥርጣሬ ነው የሚያነበው። ሌላው ምሳሌያዊ አነጋገርን እንዳለ መለጠፍ ነው፤ አንባቢ ገና ሲጀመር ጨርሶት ይቀድምሻል። ግማሹን ብቻ ተናግረሽ ሌላውን ብታጣምሚው ግን ውርሱ ላንቺ ይሠራል።

ቤት አመታትሽ ላይ ግን ረዘም ያለ ነገር አለን። በአማርኛ ዐረፍተ ነገሩን የሚዘጋው ግሥ ስለሆነ ቤት መምታት እጅግ ቀላል ነው፦ «መጣች፣ ሄደች፣ አለቀሰች» እያልሽ ገጽ መሙላት ይቻላል። ያቺ «ች» ግን የሰዋስው እንጂ ያንቺ አይደለችም። ማንም ያን ባለቤትና ያን ግሥ ሲጠቀም ወደዚያው ቤት ስለሚደርስ፣ ግጥምሽ የጸጋዬን ቀርቶ የሁሉንም ሰው ይመስላል። መድኃኒቱ በየአራት ስንኙ ቢያንስ አንዱን በስም መዝጋት ነው። ስም መጨረሻ እንዲመጣ ዐረፍተ ነገሩን መገልበጥ ይኖርብሻል፤ ሲገለበጥ ደግሞ የት ላይ ጫና እንደምታደርጊ ለመወሰን ትገደጃለሽ። እዚህ ላይ ቃል ግጥም ጥሩ አስተማሪ ነው። የሙሾ አውራጅ፣ የአዝማሪና የፉከራ ግጥም ሰው ፊት ወዲያው የሚወጣ ስለሆነ ትርፍ ቃል አይሸከምም። ክረምት ወደ ቤተሰብ ስትሄጂ ከአክስቶችሽና ከአያቶችሽ አፍ በስልክ ቅጂ፤ ማን፣ የት፣ በምን አጋጣሚ እንዳለው ጻፊበት። ከመጽሐፍ የተለቀመ ቃል ግጥም አብዛኛውን ጊዜ ዜማው ጠፍቶበታል።

ሕጉ አጭር ነው። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ሐሳብን ሳይሆን ሐሳቡ የተገለጸበትን ነው የሚጠብቀው። የ16 ቀለም ስንኝ የማንም ንብረት አይደለም፤ የጸጋዬ ስንኝ ግን ነው። ጥበቃው ደራሲው በሕይወት እስካለና ካረፈ በኋላ 50 ዓመት ይቆያል። ጸጋዬ ያረፈው በ1998 ዓ.ም. ስለሆነ ቢያንስ እስከ 2048 ዓ.ም. ድረስ ስንኙን ለዘፈን አዝማች ማድረግ የወራሾቹን ፈቃድ ይፈልጋል። ትርጉምም እንዲሁ ነው። በግጥምሽ መሐል አጭር ጥቅስ ካስገባሽ በጥቅስ ምልክት ለዪውና ስሙን ጥሪ፤ «ሰው ያውቀዋል» ብለሽ አትተዪው።

ወደ እንጀራው። በግጥም መድበል ብቻ የሚተዳደር ሰው ከማግኘት መብረቅ መያዝ ይቀላል፤ ብዙ ገጣሚ ማሳተሚያውን ራሱ ከፍሎ ራሱ ይሸጣል። መድበልን ስም ማስተዋወቂያ አድርጊው። ገንዘቡ ያለው በዘፈን ግጥም፣ በማስታወቂያ ጽሑፍ፣ በሬዲዮና ቴሌቪዥን ድራማ፣ በትርጉምና በአርትዖት ነው፤ በእነዚህ ሁሉ ደግሞ ከላይ ያልነው ችሎታ በቀጥታ ይፈለጋል።

ለዘፈን ስትጽፊ ብዙ ጊዜ ዜማው ይቀድማል፤ ያለ ቃል ተቀርጾ በስልክ ይመጣልሻል። ቀለሙን ቆጥረሽ ትሞዪዋለሽ። ድምፃዊው ረጅም የሚይዘው ቦታ ላይ እንደ «ላ»፣ «ና»፣ «ሆ» ያለ አፍ የሚከፍት ፊደል አድርጊ፤ ሳድስ ከሆነ ድምፁ ይታፈናል፣ ዘፋኙም ስቱዲዮ ውስጥ ቃሉን በራሱ ይቀይርብሻል። ሦስት ቅርጽ እየቀያየርሽ የተለማመድሽው እዚህ ይጠቅምሻል። ሥራው ከመቀረጹ በፊት ስምምነቱ በጽሑፍ ይሁን፦ ለአንድ ቅጂ ነው ወይስ መብቱ በሙሉ ይተላለፋል፣ ስምሽ የት ይጻፋል፣ ክፍያው መቼ ነው። «ዘመዳሞች ነን» ከተባለ ደግሞ ይበልጥ ጻፉ።

ለአርትዖት ሥራ ያነበብሽው ብዛት ራሱ ሙያ ነው። የመጣልሽ ረቂቅ ውስጥ ያለ ስንኝ ከየት እንደተወሰደ የምታውቂ ከሆነ አሳታሚውን ከክስ ታድኚዋለሽ።

እስክትመረቂ ድረስ ከ12 ገጽ ያልበለጠ የሥራ ናሙና አዘጋጂ። ሦስት ግጥሞች ይኑሩት፣ ሦስቱም በተለያየ ቤት። አንድ የምላሽ ግጥም ከግማሽ ገጽ ማብራሪያ ጋር፦ ከማን ምን ወሰድሽ፣ ምን ቀየርሽ። አንድ ትርጉም ከዋናው ጋር ጎን ለጎን። ለተሰጠ ዜማ የተጻፈ አንድ ሙሉ የዘፈን ግጥም። በመጨረሻም ያረምሽው አንድ ገጽ፣ እርማቱ እንደሚታይ ሆኖ፤ ባለቤቱን አስፈቅደሽ። ሁሉንም ግጥሞችሽን አትላኪ፤ 40 ግጥም የሚያነብ ቀጣሪ የለም። መድረክ ላይ ካነበብሽ፣ ለምሳሌ በአዲስ አበባ የግጥም ምሽቶች፣ ቅጂውን ከ3 ደቂቃ ሳይበልጥ አያይዢው።

ከላክሽልን አምስት ውስጥ ለናሙናው የሚሆነው ስለ ወፍጮ ቤቷ ሴትዮ የጻፍሽው ነው። የሚናገረውም የሚሰማውም ሰው የታወቀ ነው፣ አንድም «ወይ» የለበትም። ሁለተኛውን አንጓ ብቻ ከግሥ ቤት አላቅቂና አራቱን ስንኝ እንደገና ላኪልን።