ጆይስቲኩ ይታያል፣ አውሮፕላኑ ግን እምቢ አለ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ እንደምን ሰነበቱ? የምጽፍልዎ ከፍኖተ ሰላም ነው። ላፕቶፔ ላይ የአውሮፕላን ማብረሪያ ጌም አለኝ። ጆይስቲክ የምገዛበት ብር ስለሌለኝ ስልኬን እንደ መሪ የሚያደርግ አፕ አውርጄ፣ ኮምፒውተሩ ላይ ቪጆይ የሚባል ሶፍትዌር ጫንኩ። ሁለት ወር ያለ ችግር በረርኩ። ባለፈው ሳምንት መብራት ሄዶ ከመጣ ወዲህ ግን ጆይስቲኩ ጌሙ ውስጥ ይታያል እንጂ ስልኬን ባዘነብለው ባዞረው አውሮፕላኑ ንቅንቅ አይልም። የቪጆይን ድራይቨር (ዊንዶውስ ጆይስቲኩን እንዲያውቀው የሚያደርገውን ክፍል) ሦስት ጊዜ አጥፍቼ ጫንኩት። ጓደኞቼ ፎርማት አድርገው ይሉኛል። ላድርገው?

መልስ፦ ወንድሜ፣ እንዳታደርገው! ድራይቨሩንም ተወው። ጌሙ ጆይስቲኩን እያየው አይደል? ድራይቨሩ ባይነሳ ኖሮ ጆይስቲኩ ጭራሽ አይታይም ነበር።

ቪጆይ ዊንዶውስን «እዚህ ጆይስቲክ ተሰክቷል» ብሎ የሚያሳምን ሶፍትዌር ነው። የሚጨበጥ እጀታ የለውም። ሌላ ፕሮግራም እንቅስቃሴውን ካላቀበለው ዝም ብሎ ይቀመጣል። ያንተ አቀባይ ስልክህ ነው።

ከቪጆይ ጋር አብሮ የሚጫን ሞኒተር የሚባል ትንሽ ፕሮግራም አለ። እሱን ክፈትና ስልኩን ግራ ቀኝ አዘንብል። እዚያ የሚታዩት መስመሮች ካልተንቀሳቀሱ ከስልኩ ምንም እየደረሰ አይደለም።

«መብራት ሄዶ ከመጣ ወዲህ» ያልከው ነው የያዘኝ። እዚህ ደብረ ማርቆስ እኔም ቤት ይኸው ደርሷል። ለእህቴ ልጅ ብዬ ድራይቨር ስነቅልና ስተክል አነጋሁ። ልጁም አጠገቤ ሳይተኛ አደረ። ጠዋት የላፕቶፑን አይፒ (ዋይፋዩ ላይ የሚታወቅበትን የአድራሻ ቁጥር) ባየው፣ በ5 ያልቅ የነበረው በ8 ያልቃል። ዋይፋዩን የሚሰጠው ራውተር ጠፍቶ ሲበራ አዲስ ቁጥር ሰጥቶታል፤ ስልኩ ግን አሁንም ወደ ድሮው ቁጥር ይልካል። ያ ሌሊት እስከ ዛሬ ይቆጨኛል።

ስለዚህ ዋይፋይ ሴቲንግ ውስጥ ገብተህ የላፕቶፕህን አይፒ አንብብ። አፑ ላይ ከጻፍከው ቁጥር ጋር አስተያየው። ከተለያየ አስተካክል። አንድ ከሆነ ፋየርዎሉን (ከውጭ የሚመጣ ግንኙነትን የሚያግደውን የዊንዶውስ ጠባቂ) እይ፤ ዊንዶውስ የቤትህን ዋይፋይ «ፐብሊክ» ብሎ ይዞት ከሆነ ወደ «ፕራይቬት» ቀይረው። የካፌ ዋይፋይ ላይ ግን ይህን አታድርግ። ደግሞም አንድን የቪጆይ ጆይስቲክ በአንድ ጊዜ መያዝ የሚችለው አንድ ፕሮግራም ብቻ ነው። ሌላ ተመሳሳይ ፕሮግራም ከኋላ ተከፍቶ እንዳይሆን።

መስመሮቹ እየተንቀሳቀሱ አውሮፕላኑ ዝም ካለ ችግሩ ጌሙ ውስጥ ነው። ሦስት ጊዜ ነቅለህ ስለጫንከው የጌሙ የመቆጣጠሪያ ምርጫ ጠፍቶ ይሆናል፤ እንደገና ምረጥለት። ቪጆይ እስከ 16 ጆይስቲክ መፍጠር ይችላል። ስልኩ ለ1ኛው እየላከ ጌሙ 2ኛውን እየጠበቀ እንዳይሆን ተመልከት።

ዲቫይስ ማኔጀር (ዊንዶውስ የኮምፒውተሩን ዕቃዎች የሚዘረዝርበት) ውስጥ ቢጫ ምልክትና ኮድ 52 የሚያይ ሰው ካለ የሱ ችግር ሌላ ነው። ዊንዶውስ የድራይቨሩን ዲጂታል ፊርማ አልተቀበለም ማለት ነው። አሮጌውን አጥፍቶ፣ ሪስታርት አድርጎ፣ በአግባቡ የተፈረመ አዲስ ቨርዥን ይጫን። ለዚህ ብሎ ሴኪዩር ቡትን (ኮምፒውተሩ ሲነሳ ያልታመነ ሶፍትዌር እንዳይገባ የሚጠብቀውን) አጥፍቶ መተው ግን አልወድም።

አንተ ግን በአይፒው ጀምር። ካልሆነ ሞኒተሩ ላይ ያየኸውንና የጌሙን ስም ጽፈህ ላክልኝ።