ጎረቤቴ አጥሩን ገፋው፣ ቀያሽ በማን ይታዘዝልኛል?

ጥያቄ፦ ሰላም አዘጋጆች፣ ጅማ ጅሬን በኩል ነው የምኖረው። አዲስ አበባ ልጄ ጋር ከርሜ ስመለስ ጎረቤቴ የድሮውን አጥር አፍርሶ በቆርቆሮ አጥሮ፣ ሶስት እግር ቡናዬ በሱ ግቢ ቀርቷል! በሜትር ስንለካ እሱ ሌላ እኔ ሌላ። ካርታ አለኝ፣ ፍርድ ቤት ቀያሽ ያዝልኛል?

መልስ፦ እናቴ፣ ያዝልዎታል፣ ግን ዝም ብሎ አይደለም፣ ክስ ከፍተው በአቤቱታው ላይ ቦታው በባለሙያ ይለካልኝ ብለው መጠየቅ አለብዎት። ብዙ ጊዜ ትዕዛዙ የሚሄደው ለከተማው መሬት አስተዳደር ነው፣ ባለሙያው ሳይት ፕላኑ ላይ ያለውን የኮኦርድኔት ቁጥር (የቦታው ማዕዘኖች የት እንደሆኑ የሚያሳየውን) ይዞ መጥቶ መሬቱ ላይ በጂፒኤስ ወይም በቶታል ስቴሽን (የቀያሾች መለኪያ መሣሪያ) ያመሳክራል፣ የእናንተ ሜትር እዚህ ጋር ዋጋ የለውም፣ የት ጀምራችሁ እንደለካችሁ ራሱ ያጣላል። የልኬቱ ቀን ሁለታችሁም ብትገኙ ይሻላል፣ የተነቀለው የአጥር ችካል ጉድጓድ ካለ ያሳዩት፣ ፎቶም ያንሱ። ሪፖርቱ ካልተዋጠልዎት መቃወም ይችላሉ፣ ባለሙያው ቀርቦ እንዲያስረዳም ይጠይቁ፣ ዳኛው ሪፖርቱን ከሌላው ማስረጃ ጋር ይመዝነዋል እንጂ እንዳለ አይቀበልም።

ቆርቆሮውን ወደ ግንብ እንዳይቀይረው ቶሎ እግድ ይጠይቁ። ደግሞ አይዘግዩ፣ በፍትሐብሔር ህጉ አንቀጽ 1149 ይዞታ ይመለስልኝ የሚል ክስ በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይታገዳል።

ቦታው የገጠር ይዞታ ከሆነ ግን ነገሩ መጀመሪያ በቀበሌ በኩል ለሽማግሌዎች ነው የሚቀርበው።