«ቦርክ ካውንቲ» አውራጃ ነውን?

ጥያቄ፦ ሜልቦርን ነው የምኖረው። በፉትስክሬይ ያለው ቤቴ የቆየ የይዞታ ሰነድ ላይ «ፓሪሽ ኦፍ ከት ፓው ፓው፣ ካውንቲ ኦፍ ቦርክ» የሚል አለ። ሲተረጎምልኝ «ቦርክ አውራጃ፣ ከት ፓው ፓው ደብር» ተባለ። ልክ ነው?

መልስ፦ «ደብር»ን አሁኑኑ ይሰርዙት። ጽላት የገባበት የለም፤ ፓሪሽ እዚያ የቅየሳ ክፍል ነው። «አውራጃ» ግን በአንድ ቃል የሚሸኝ አይደለም።

ሜልቦርን ያለችበት የአውስትራሊያ ግዛት ቪክቶሪያ ከኒው ሳውዝ ዌልስ ተለይታ ራሷን የቻለች ቅኝ ግዛት የሆነችው በ1851 እ.ኤ.አ. ነው። መሬቷ ለቅየሳና ለሽያጭ እንዲመች በ37 ካውንቲ፣ ካውንቲውም በፓሪሽ ተሸነሸነ። ሜልቦርንን የያዘው ካውንቲ ከ1831 እስከ 1837 የኒው ሳውዝ ዌልስ ገዥ በነበረው በሪቻርድ ቦርክ ተሰየመ። ምክር ቤት የለው፣ ግብር አይሰበስብ። ፉትስክሬይን የሚያስተዳድረው የማሪቢርኖንግ ከተማ ምክር ቤት ነው። ታዲያ አውራጃ ገዥ የሌለው አውራጃ ምን ዓይነት አውራጃ ነው?

«አውራጃ ማንኛውም የመሬት ክፍል ነው፤ ከወረደ ወጥቷልና አስተዳደርን አያመለክትም» የሚሉ አሉ። ዘሩን አልክድም። ወረደ ብሎ ወራጅ፣ አወረደ ብሎ አውራጅ፤ ደ ወደ ጀ መለወጡን ታክሲ ውስጥ «ወራጅ አለ!» የሚል ሁሉ ያውቀዋል። ወረዳም የዚያው ሥር ልጅ ነው። ግን ዘር ትርጉምን አያስርም። ካውንቲ ራሱ በፈረንሳይኛ በኩል ከላቲኑ «ኮሜስ» የመጣ ነው፤ አብሮ ሂያጅ፣ የንጉሥ ባልደረባ ማለት ነው። ዛሬ ማን ባልደረባ ይለዋል? አውራጃም በ1934 ዓ.ም. ድንጋጌ በጠቅላይ ግዛትና በወረዳ መካከል ከተቀመጠ ወዲህ ሹም ያለው ቃል ሆኗል።

ለእኔ ቢተው «ቀላድ» እል ነበር። የመለኪያው ገመድ ስም ለተለካው መሬት ሲሰጥ የኖረ፣ ካዳስተር (የመሬት መዝገብ) ከሚባለው ባዕድ ቃል ይልቅ አፈር አፈር የሚሸት ቃል ነው። ግን «ቦርክ ቀላድ» ብል የሚገባው አይኖርም። በሜሪላንድና በቨርጂኒያ ያለው ወገናችን «ሞንትጎመሪ ካውንቲ»፣ «ፌርፋክስ ካውንቲ» እያለ ቃሉን አማርኛ አድርጎታል፤ ባልወደውም ተሸንፌአለሁ። እነዚያ ካውንቲዎች ግን እንደ ቦርክ አይደሉም፤ ያስተዳድራሉ። ስለዚህ ቦርክ መጀመሪያ ሲጠቀስ «የመሬት መዝገብ ክፍል» የሚል ማብራሪያ ይታከል።

ለፓሪሽ «አጥቢያ» ይሻላል የሚለኝ ይኖራል። «አጥቢያ የቤተ ክርስቲያን ብቻ ነው» በሚለው አልስማማም፤ አጥቢያ ዳኛ ቄስ አልነበረም። ቢሆንም አጥቢያ ሰው ያለበት ሰፈር ነውና ለሰነድ «ፓሪሽ» ይቅር።

ቅደም ተከተሉን ከሰፊው ወደ ጠባቡ ያድርጉት፦ «በቦርክ ካውንቲ (የመሬት መዝገብ ክፍል)፣ በከት ፓው ፓው ፓሪሽ፣ ክፍል ይህ፣ ቁራሽ መሬት ቁጥር ይህ»። የመኖሪያ አድራሻው ለብቻው፣ በሌላ መስመር ይጻፍ። አለዚያ ቅጽ ሞይው ቦርክን «ክፍለ ከተማ/ወረዳ» በሚለው ሣጥን ውስጥ ያስገባውና ለምሳሌ ውክልና ቢሰጡ እዚያ ላይ የሚጻፈው አድራሻ ከመታወቂያዎ ጋር አይገጥምም።

ስሙን በተመለከተ «ቡርኬ» የሚለው ንባብ ፊደሉን እንጂ ድምፁን አያውቅም። የአገሩ ሰው የሚለው ወደ «በርክ» ይቀርባል። ትክክለኛው እሱ ነው፤ እኔ ግን በጥያቄዎ እንዳለው «ቦርክ» ጽፌአለሁ፣ እርስዎም ከሰነድ ሰነድ እንዳይለያይብዎ አንዱን ይዘው ይዝለቁ።