የሮምን የአይሁድ ሰፈር በእግር ስለ መጎብኘት፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ጥያቄ፦ ጡረታ የወጣሁ የታሪክ መምህርት ስሆን የምኖረው ሐረር፣ ሸዋ በር አካባቢ ነው። ሮም የሚኖረው ልጄ በመጪው ዐቢይ ጾም ሄጄ ሦስት ሳምንት እንድቆይ ትኬት ቆርጦልኛል። የከተማዋን ጥንታዊ የአይሁድ ሰፈር በእግር እያዞረ የሚያሳየን፣ ለእኛ ለሁለታችን ብቻ የሚሆን አስጎብኚ ሊቀጥርልኝም አስቧል። እኔ ግን ገንዘቡ ያሳዝነኛል። ካርታ ይዘን ራሳችን ብንዞረው ምን ይቀርብናል? ደግሞስ የኦርቶዶክስ ተዋሕዶ አማኝ ሆኜ ምኩራባቸው ውስጥ ብገባ ነውር ይሆን? ጉልበቴም እንደ ድሮው አይደለም።

መምህርት፣ ከሐረር

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ ልጅዎ ያሰበውን ቢቀበሉት ይሻላል። ይህን የምለው ገንዘብ ቀላል ነገር መስሎኝ ሳይሆን፣ እኔ ራሴ ወደዚያ ሰፈር ሦስት ጊዜ ሄጄ በመጀመሪያው ምንም ሳላይ፣ በሁለተኛው ጥቂት ሰምቼ፣ ሰፈሩን ያወቅሁት በሦስተኛው ብቻ ስለ ሆነ ነው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ብቻዬን ካርታ ይዤ ሄድኩ። ሐረር ያደግሁ ሰው ነኝና በሮም “ጌቶ” የሚባል በግንብ የታጠረ የአይሁድ ሰፈር ነበር ሲባል በዐይነ ሕሊናዬ የመጣልኝ ጀጎል ነበር፤ ስለዚህም ቲቤር ወንዝ ዳር ወርጄ ግንቡንና በሮቹን ፈለግሁ። ያገኘሁት ግን ምግብ ቤቶች፣ አንድ ትልቅ ምኩራብና የጥንት ሮማውያን የፈራረሱ አዕማድ ብቻ ነበር። ግንቡ በ1848 እንዲፈርስ መታዘዙን፣ በ1880ዎቹ መጨረሻ ደግሞ ከጠባቦቹ ጎዳናዎች አብዛኞቹ ከነቤቶቻቸው ፈርሰው በአዳዲስ ሕንፃዎች መተካታቸውን ያወቅሁት ኋላ ነው። ጀጎልን እንግዳ ሰው ብቻውን ቢመጣም ግንቡ ቆሞ ይታየዋል። የሮሙ ግንብ ግን የሚታየው በሚያውቀው ሰው አንደበት ነው፤ “እዚህ ጋ በር ነበር፣ እዚህ ጋ ቤቶቹ ስድስትና ሰባት ፎቅ እየተደራረቡ ፀሐይ ይከለክሉ ነበር” የሚል ሰው ከሌለ አደባባዩ ባዶ አደባባይ ነው።

እርስዎ የታሪክ መምህርት ስለ ሆኑ አንድ ነገር ልብ እንዲሉልኝ እፈልጋለሁ። አሚር ኑር የሐረርን ግንብ ያሠራውና የሮማው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጳውሎስ 4ኛ በ1555 ዓዋጅ አውጥቶ የሮምን አይሁድ በግንብ ያጠረው በዚያው በ16ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ነው። ሁለቱም ግንቦች በሮቻቸው ማታ ይዘጉ ነበር። የጀጎል በሮች ሲዘጉ ቁልፎቹ ለአሚሩ ይቀርቡ እንደ ነበር ተጽፏል፤ ዘጊው የከተማው ጌታ፣ የሚጠበቀውም ነዋሪው ነበር። በሮም ግን አንድን ሕዝብ ከውጭ ሆነው ይቆልፉበት ነበር፤ የግንቡን ወጪ እንኳ እንዲከፍሉ የተደረጉት ራሳቸው አይሁድ ናቸው። ወንዶቹ ከሰፈሩ ሲወጡ መለያ ቢጫ ባርኔጣ እንዲያደርጉ ተገደዱ፤ መሬትና ቤት መግዛትም ተከለከሉ። ይህ ሥርዓት፣ አንዳንዴ እየላላ አንዳንዴ እየጠበቀ፣ ሮም በ1870 ከኢጣሊያ መንግሥት ጋር እስክትቀላቀል ድረስ ከ300 ዓመት በላይ ቆይቷል። በግንብ አጠገብ ያደገ ሰው ይህን ሲሰማ የሚገባው ሌላው ጎብኚ ከሚገባው ይለያል ብዬ አምናለሁ።

ሁለተኛው ጉዞዬ ከ20 የማያንስ ሰው ከያዘ ቡድን ጋር ነበር። አስጎብኚው አዋቂ ነበር፤ ነገር ግን ከፊት ያሉት ሲሰሙ ከኋላ ያለነው እየሮጥን ነበርና ጥያቄ ለመጠየቅ ፋታ አላገኘሁም። በሦስተኛው ከአንድ ጓደኛዬ ጋር ገንዘብ አዋጥተን ለብቻችን የሆነች አስጎብኚ ያዝን። እሷም ገና ከመነሻችን ከወዴት እንደ መጣን፣ ምን ሥራ እንደምንሠራና ምን ማወቅ እንደምንፈልግ ጠየቀችን። ስለ ሐረሩ መኪና ግርግር፣ የስፌት መኪኖች ድምፅ ለመንገዱ ስም ስለ ሰጠበት ሰፈር ነገርኳት። ወዲያው መንገዷን ለወጠችና በጌቶው ዘመን አይሁድ አሮጌ ልብስና ጨርቅ ከመነገድ በቀር ብዙ ሥራ ተከልክለው እንደ ነበር፣ ሴቶቹም ቀዳዳው የት እንደ ነበር እስከማይታወቅ ድረስ በመጠገን የታወቁ እንደ ነበሩ እያስረዳች በዚያው መስመር ወሰደችን። ለብቻ የሚከፈለው ገንዘብ የሚገዛው ይህን ነው፤ የጎብኚውን ጥያቄ ተከትሎ የሚታጠፍ መንገድ።

ካሳየችን ነገሮች ሦስቱን ላንሳ፤ እርስዎም ሳያዩ እንዳይመለሱ። የመጀመሪያው የኦክታቪያ አዕማድ ከሚባለው የጥንት ሕንፃ ላይ የተለጠፈ የእብነ በረድ ጽሑፍ ነው። ቦታው ለብዙ መቶ ዓመታት የዓሣ ገበያ ነበር፤ ጽሑፉም በላቲን፣ ከዚህ ድንጋይ የሚረዝም ዓሣ ሁሉ ጭንቅላቱ እስከ መጀመሪያው ክንፍ ድረስ ተቆርጦ ለከተማው ሹማምንት ይሰጥ ይላል። ሁለተኛው በቲቤር ወንዝ ድልድይ አጠገብ ያለች የሳን ግሬጎሪዮ ትንሽ ቤተ ክርስቲያን ናት። በግንባሯ ላይ፣ ትንቢተ ኢሳይያስ 65፥2፣ እግዚአብሔር ወደ ዓመፀኛ ሕዝብ ቀኑን ሁሉ እጁን መዘርጋቱን የሚናገረው ቃል በዕብራይስጥና በላቲን ተጽፏል። የተጻፈው ትይዩ ከጌቶው በር ለሚወጡት አይሁድ እንዲነበብ ነው። በዚያ ዘመን በሰንበታቸው ቀን ወደ ቤተ ክርስቲያን እየተነዱ ሃይማኖታቸውን የሚያስለውጥ ስብከት እንዲሰሙ ይገደዱ ነበርና፣ የራሳቸው ነቢይ ቃል በራሳቸው ቋንቋ መወቀሻ ሆኖ ሲቆምባቸው ምን ይሰማቸው እንደ ነበር ማሰብ ለእኔ ለክርስቲያኑ ከባድ ነበር።

ሦስተኛው ከእግርዎ ሥር ነው። በየቤቱ ደጃፍ ከንጣፉ መካከል 10 በ10 ሴንቲ ሜትር የሆኑ የነሐስ ገጽ ያላቸው ጥቃቅን ድንጋዮች ተቀብረዋል፤ በሮም መቀበር የጀመሩት በ2010 ነው። አስጎብኚያችን ከአንዱ ደጃፍ ቆመች፤ ከያዘችው ጠርሙስ ጥቂት ውኃ አፈሰሰች፣ በመሐረብም ስትወለውለው ጽሑፉ ወጣ፦ “እዚህ ይኖር ነበር”፣ ከዚያም ስም፣ የትውልድ ዓመት፣ የተያዘበት ቀን፣ የተወሰደበት ቦታ። ቀኑ በአብዛኞቹ ላይ አንድ ነው፤ 16 ኦክቶበር 1943። ያኔ ሮምን ይዘው የነበሩት የናዚ ጀርመኖች ከዚያ ቀደም ሲል በሴፕቴምበር ወር ማኅበረሰቡ በ36 ሰዓት ውስጥ 50 ኪሎ ግራም ወርቅ ካላመጣ ሰዎቹን እንደሚወስዱ አስፈራርተው ነበር፤ ወርቁ ከአይሁዱም ከክርስቲያኑም ጎረቤት ቀለበትና ሐብል ሳይቀር ተሰብስቦ ተሰጠ። ይህ ሁሉ ሆኖ ሦስት ሳምንት ሳይሞላ፣ በዕለተ ቅዳሜ ማለዳ፣ ወታደሮች ሰፈሩን ከበቡ። ከ1,000 በላይ ሰዎች አውሽቪትስ ወደተባለው የናዚዎች የሞት ካምፕ ተጫኑ፤ የተመለሱት 16 ብቻ ሲሆኑ ከእነርሱም ሴቷ አንዲት ነበረች።

እዚህ ላይ ልጅዎ አስቀድሞ ለአስጎብኚው እንዲጽፍልዎ የምፈልገው ነገር አለ። ኢጣሊያ አይሁድን ከትምህርት ቤትና ከመንግሥት ሥራ ያባረረችባቸውን የዘር ሕጎች ያወጣችው በ1938 ነው። ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በኤፕሪል 1937፣ በእኛው አገርና በሌሎቹ ቅኝ ግዛቶቿ ኢጣሊያዊ ከአገሬው ሰው ጋር እንደ ባልና ሚስት ቢኖር በእስራት የሚያስቀጣ ዓዋጅ አውጥታ ነበር። እናትዎና አያትዎ በሐረር ያዩት ወረራና በሮም የነበረው ስደት በአንድ እጅ የተጻፉ ናቸው፤ ስለዚህ አስጎብኚው እንግዳው ከየት እንደ መጣ ቢያውቅ ይህን አያይዞ ይነግርዎታል። በሌላ ቀን ደግሞ በፖርታ ካፔና አደባባይ በኩል ቢያልፉ፣ በ2005 ወደ አገሩ የተመለሰው የአክሱም ሐውልታችን ከ1937 ጀምሮ ቆሞበት የነበረውን ስፍራ ያያሉ። ከዚያ ብዙ ሳይርቅ የቲቶ ቅስት አለ፤ ሮማውያን በ70 ዓ.ም. ከኢየሩሳሌም መቅደስ የማረኩትን ባለ ሰባት ቅርንጫፍ መቅረዝ ተሸክመው ሲገቡ በድንጋይ ተቀርጾበታል። የሮም አይሁድ በዚያ ቅስት ሥር አለማለፍን ልማድ አድርገው ኖረዋል። ቅስቱ የሚገኘው መግቢያ በሚከፈልበት የጥንት ፍርስራሽ ግቢ ውስጥ ስለ ሆነ ከጌቶው ጉብኝት ጋር በአንድ ቀን ባይደርቡት ይሻላል።

ስለ ምኩራቡ ላነሡት ጥያቄ፣ በ1904 የተመረቀው ታላቁ ምኩራብ የሚጎበኘው ከሥሩ ባለው የአይሁድ ሙዚየም በኩል ነው። የሚገቡት እንደ እንግዳ ነው፤ ማንም ጸልዩ አይልዎትም፣ ነጠላዎንም እንደ ለበሱ ቢገቡ ክብር እንጂ ነውር የለውም፣ ልጅዎ ግን ራሱን የሚሸፍን ቆብ ይደረግለታል። የሮማው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ ጳውሎስ 2ኛ በ1986 እዚያው ገብተው ከረቢው፣ ከአይሁዱ የሃይማኖት መሪ ጋር ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። የሃይማኖት ጉዳይ በልብዎ ካልቀለለ ግን ከመሄድዎ በፊት ከንስሐ አባትዎ ጋር ይመካከሩ። ቅዳሜና በበዓላቸው ቀን ዝግ ነው፤ ዓርብም ቀደም ብለው ስለሚዘጉ እሑድን ወይም ከሰኞ እስከ ሐሙስ ያሉትን ቀናት ይምረጡ።

ጉልበትዎን በተመለከተ፣ ሰፈሩ ሜዳ ነው፤ የጀጎልን ዳገትና ቁልቁለት የለመደ ሰው አይከብደውም። ነገር ግን ጎዳናው በጥቃቅን ጥቁር ድንጋዮች የተነጠፈ ስለ ሆነ ሶሉ ለስላሳ የሆነ ዝቅ ያለ ጫማ ያድርጉ። ልጅዎ የሚተረጉምልዎት ከሆነ ንግግሩ ሁሉ ሁለት ጊዜ ስለሚነገር የሁለት ሰዓቱን ጉብኝት ትተው ሦስት ሰዓት ይያዙ። አስጎብኚው መንግሥት የሰጠው የሥራ ፈቃድ መታወቂያ እንዳለው፣ ዋጋው በነፍስ ወከፍ ይሁን ለሁላችሁም በአንድነት፣ የሙዚየሙ ትኬትስ በውስጡ ይካተት እንደ ሆነ ልጅዎ አስቀድሞ ይጠይቅ። ዋጋው በአንድነት ከሆነ አንድ ወይም ሁለት ወዳጅ ጨምሮ መከፋፈል ያሳዘነዎትን ገንዘብ ያቀልለዋል።

ጾሙም አያስቸግርዎትም። የሰፈሩ ዝነኛ ምግብ አርቲቾክ የተባለው፣ ያልፈካ የአበባ እንቡጥ የሚመስል አትክልት ሲሆን፣ ከነቅጠሉ ፈንድቶ እስኪንቋቋ ድረስ በዘይት ብቻ ይጠበሳል፤ ወቅቱም የእኛ ዐቢይ ጾም የሚውልበት ጊዜ ነው።

ጥያቄ፦ እኔም በክረምት ወደ ሮም እህቴ ዘንድ እሄዳለሁ። የ11 ዓመት ሴት ልጄን ይህን በመሰለ ጉብኝት ይዤ ብገባ ይከብዳት ይሆን?

አባት፣ ከድሬዳዋ ከዚራ

መልስ፦ ይውሰዷት፤ ዕድሜዋን ግን አስጎብኚው አስቀድሞ ይወቅ። ለብቻ የተያዘ አስጎብኚ ለልጅ የሚሆነውን መርጦ መናገር ይችላል፤ የወርቁ ታሪክ ለምሳሌ በዚያ ዕድሜ በደንብ ይገባል። አንድ ነገር አስቀድመው ይንገሯት፦ በምኩራቡ ዙሪያ የታጠቁ ጠባቂዎች አሉ፣ ሲገቡም ይፈተሻል። በኦክቶበር 1982 ታጣቂዎች ከጸሎት በሚወጡ ሰዎች ላይ አደጋ ጥለው የሁለት ዓመት ሕፃን ስለ ገደሉ ነው። ወታደር አይታ እንዳትደነግጥ ምክንያቱን ከእርስዎ አፍ ብትሰማው ይሻላል። ጊዜውንም ከአንድ ሰዓት ተኩል አያሳልፉት፤ መነሻችሁን ማቴይ አደባባይ ካለው የኤሊዎች ምንጭ አድርጉ። አራት የነሐስ ወጣቶች እጃቸውን ዘርግተው ኤሊዎቹን ወደ ላይኛው ገንዳ ሲገፉ ታያለች፤ ከዚያ በኋላ በራሷ መጠየቅ ትጀምራለች።