ፎርማት ከመስማማትሽ በፊት ስክሪኑን አንብቢው

ጥያቄሽን አየሁት እህቴ። ፍኖተ ሰላም ላይ ጽሕፈትና ፎቶ ኮፒ ቤት አለሽ፤ መብራት ሄዶ ሲመጣ ኮምፒውተሩ «ሪቡት ኤንድ ሴሌክት ፕሮፐር ቡት ዲቫይስ» ብሎ ቀረ፤ ጠጋኙ ደግሞ «ሃርድ ዲስኩ ሞቷል፣ ፎርማት ይደረግ» አለሽ። ሞቷል ካለ ምኑን ነው ፎርማት የሚያደርገው? እሺ እንዳትዪ። ጽሑፉ ዊንዶውስ ያለበትን ዲስክ አላገኘሁም ነው የሚለው፤ ዲስኩ ደህና ሆኖም ይመጣል።

1. ሲፒዩው ላይ የተሰካ ፍላሽ ካለ ንቀዪ። ደንበኛ ረስቶት የሄደ ፍላሽ ብቻውን ይህን ጽሑፍ ያመጣል።

2. ባዮስ ግቢ፤ ዊንዶውስ ከመነሳቱ በፊት የሚከፈተው የኮምፒውተሩ የራሱ ቅንብር ነው፣ እንደበራ ቁልፍ በመጫን ይገባል። ኤችፒ በኤፍ 10፣ ዴል በኤፍ 2፣ ተገጣጣሚ ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ በዲሊት ነው። ሰዓቱንና የዲስኩን ስም እዪ። ሌላ ነገር ከመንካትሽ በፊት እያንዳንዱን ገጽ በስልክሽ አንሺው።

ሰዓቱ ዓመታት ወደ ኋላ ከሄደ የማዘርቦርዱ ባትሪ አልቋል። ኤችፒ ከሆነ 163 የሚል ቁጥር ጽፎ ሰዓትና ቀን እንዳልተሞላ ይነግርሻል። ክሮም ሰሞኑን «ዩር ክሎክ ኢዝ ቢሃይንድ» እያለ ድረ ገጽ አልከፍትም ብሎሽ ከነበረም ምልክቱ ያው ነው፤ ሰው ግን ኔትወርኩን ሲራገም ይውላል። ጎጃም ውስጥ መብራት ስለሚቆራረጥ ማታ ማታ ሶኬት መንቀል ልማድ ነው፤ ጥሩ ልማድም ነው። ነገር ግን ሶኬቱ ከተነቀለ በኋላ ሰዓቱን የምታቆየው ያቺ ባትሪ ብቻ ስለሆነች ቶሎ ታልቃለች። ሲአር 2032 ትባላለች፤ 3 ቮልት፣ እንደ ሳንቲም ክብ፣ 20 ሚሊሜትር ስፋት ያላት። ሰዓት ቤትም ትገኛለች። ሶኬቱን ነቅለሽ ማቀፊያውን በካቻቢቴ ጫፍ ገፋ ስታደርጊው ብድግ ትላለች፤ አዲሷ የመደመር ምልክቷ ወደ ላይ ሆኖ ትግባ። በቴስተር ከ2.8 ቮልት በታች ካነበበች አትመልሻት።

ብዙ ጠጋኝ የሚሳሳተው ከዚህ በኋላ ነው። ባትሪ ይቀይራል፣ አሁንም አይነሳም፣ «አላልኩሽም?» ይላል። ባትሪ ሲያልቅ እኮ ባዮሱ ወደ ፋብሪካ ቅንብሩ ይመለሳል! ዊንዶውሱ በሌጋሲ (በድሮው የማስነሻ ዘዴ) ተጭኖ ባዮሱ ወደ ዩኢኤፍአይ (ወደ አዲሱ ዘዴ) ከተመለሰ ዲስኩ እዚያው እያለ «የለም» ይላል። ብዙ ዴል ላይ ደግሞ ኮምፒውተሩ ከዲስኩ ጋር የሚነጋገርበት ቅንብር ኤኤችሲአይ የነበረው ወደ ሬይድ ይመለስና ሰማያዊ ስክሪን ላይ «ኢንአክሰስብል ቡት ዲቫይስ» ይመጣል። ከእነዚህ ሁለት ቅንብሮች አንዱን ብቻ ቀይሪ፣ ሴቭ አድርገሽ ሞክሪ፤ ካልሆነ ወደነበረበት መልሰሽ ሌላውን። ሁለቱን በአንዴ ከነካሽ የቱ እንደሠራ አታውቂም። ይህ ፋይልሽን አይነካም። ስክሪኑ ላይ «ሬይድ ክሪኤት» ወይም «ዲሊት» የሚል ከመጣ ግን ውጪ።

የዲስኩ ስም ጭራሽ ከሌለ ገመድ ነው የሚጠረጠረው። የዳታውንና የፓወሩን ገመድ ነቅለሽ ስኪ፣ የዳታውን በሌላ ቀይሪ፣ ማዘርቦርዱ ላይ ሌላ ቀዳዳ ሞክሪ። ቀጭ ቀጭ የሚል ድምፅ ካለ ወይም ኤችፒው 1720 ካለ እውነትም ዲስኩ እየሄደ ነው፤ ደጋግመሽ አታብሪው። ፎርማትም አያድነውም።

ፋይል ለማውጣት ዲስኩን በዩኤስቢ ማገናኛ ሌላ ኮምፒውተር ላይ ስኪ። «ፎርማት ላድርገው?» የሚል መስኮት ከመጣ ካንስል። ቼክዲስክም (የዊንዶውስ ዲስክ መጠገኛ ፕሮግራም) መጀመሪያ አይደለም፤ የደከመ ዲስክ ላይ ጭራሽ ያባብሳል። ቅድሚያ ኮፒ፦ ዴስክቶፑን፣ ዶክመንቱን፣ የፒችትሪ (የሒሳብ ፕሮግራሙ) ዳታ ካለሽ እሱን፣ ዊንዶውስ ውስጥ ያለውን የፎንት ፎልደርም። የመጨረሻውን ሰው ሁሉ ይረሳዋል፤ በድሮው የአማርኛ መጻፊያ በቪዥዋል ግዕዝ የተጻፈ ደብዳቤ ፎንቱ ከሌለ ፋይሉ ተርፎም የፈረንጅ ፊደል ዝርክርክ ሆኖ ነው የሚከፈተው። ጠጋኙ ያኔ «ዳታሽ ይኸው» ብሎ ሒሳብ ይቀበልሻል።

ዛሬውኑ ፎርማት አድርጎት ከሆነ ደግሞ ምንም አትጫኚበት። ኩዊክ ፎርማት ማውጫውን እንጂ ፋይሉን ሁሉ አያጠፋም፤ የሚያጠፋው በላዩ ላይ የሚጻፈው አዲስ ነገር ነው፣ ዊንዶውስ 10 ብቻውን 20 ጊጋባይት ገደማ ይይዛል።

ባዮሱ ላይ ያነሳሽውን ፎቶ ላኪልኝና የዲስኩ ስም ካለ የትኛውን እንደምትቀይሪ እነግርሻለሁ።